የእግረኛ መንገዱ ያልተጻፈ የሥራ ሰዓት

አመሻሽ ላይ፣ መሥሪያ ቤቶች ከተዘጉ በኋላ፣ በሜክሲኮ፣ በመገናኛ ወይም በጀሞ ታክሲ ተራ የሚያልፍ ሰው አንድ ነገር ሳያይ አይቀርም። ቀን ጭር ብሎ የዋለው የእግረኛ መንገድ በጥቂት ደቂቃ ውስጥ ገበያ ይሆናል። ላስቲክ ይነጠፋል፤ ካልሲና የሕፃናት ልብስ ይደረደራል፤ ሙዝና አቮካዶ በጋሪ ይደርሳል፤ ልባሽ ጫማ በስልክ መብራት እየታየ ይሸጣል። ማስታወቂያ የለጠፈ የለም፤ ሆኖም ሻጩም ገዢውም ሰዓቱን አይስቱትም። ደንብ አስከባሪዎቹም አይስቱትም።

በመግለጫ ቋንቋ ከሄድን የጎዳና ላይ ንግድ በአዲስ አበባ ክልክል ነው። በተግባር ግን ከተማዋ ሙሉ በሙሉ ከልክላው አታውቅም። ጠዋት ታባርራለች፣ ማታ አይታ እንዳላየች ታልፋለች። ዋናው አስፋልት ዳር ትቆጣለች፣ ከጀርባ ባለው ኮብልስቶን ላይ ዝም ትላለች። በዓል ሲቃረብ ታላላለች፣ የውጭ እንግዳ ሲመጣ ታጠብቃለች። ይህ ሰዓትም ቦታም ያለው ፈቃድ ነው፤ የጎደለው መጻፉ ብቻ ነው። የተጻፈ ፈቃድ ዋጋው ደረሰኝ ላይ ይታያል። ያልተጻፈውን ግን በየቀኑና በየጥጉ ጉልበት ያለው ሰው ይተምነዋል። በጎዳና ነጋዴውና በከተማ አስተዳደሩ መካከል ዓመታት ያስቆጠረው ግብግብ የማያልቀው፣ እንደ እኔ እምነት፣ በዚህ ምክንያት ነው።

ጎዳና ላይ የሚሸጥ ሁሉ አንድ ዓይነት አይደለም። ሰፈር ውስጥ ሽንኩርትና ቲማቲም በመደብ በመደብ ደርድራ የምትቀመጠው የጉሊት ሴት አለች። ማስቲካና ሶፍት በሣጥን አንግቶ የሚዞረው ሱቅ በደረቴ አለ። ሱሪና ቀበቶ ትከሻው ላይ ደርድሮ ከካፌ ካፌ የሚሄደው አዟሪ፣ ረከቦት ዘርግታ ጀበና የምትጥደው ቡና ሻጭ፣ ከመርካቶ በዱቤ ያወጣውን ልብስ ማታ ላስቲክ ላይ የሚያወርደው ወጣትም አሉ። ካፒታላቸውም ሥጋታቸውም ይለያያል። ለአዟሪው ቦታ ማለት እግሩ ነው፤ ከአንድ ጥግ ቢባረር ሌላ ጥግ ይሄዳል። የጉሊቷ ሴት ግን ደንበኞቿን በስም ታውቃለች፣ ዱቤ ትሰጣለች፣ ወር ሲደርስ ትሰበስባለች። እርሷን ከተቀመጠችበት ሁለት መቶ ሜትር ማራቅ ያበደረችውን ገንዘብ ሜዳ ላይ መበተን ነው። ሁሉንም «ሕገ ወጥ ነጋዴ» ብሎ በአንድ መኪና የሚያነሣ አሠራር ይህን ልዩነት የሚያይበት ዓይን የለውም።

ስንት እንደሆኑ በእርግጥ የቆጠራቸው የለም። የማዕከላዊ ስታትስቲክስ ባለሥልጣን በ1995 ዓ.ም. በከተሞች ባካሄደው የመደበኛ ያልሆነ ዘርፍ የናሙና ጥናት፣ በአገር ደረጃ ወደ አንድ ሚሊዮን የሚጠጋ ሰው በዘርፉ እንደሚተዳደርና ከግማሽ በላዩ ሴት እንደሆነ አሳይቶ ነበር። ጥናቱ የጎዳና ነጋዴን ብቻ የሚመለከት አልነበረም፤ ያም ሆኖ ከሃያ ዓመት በላይ አልፎታል። የሕዝብና ቤት ቆጠራም ከ1999 ዓ.ም. ወዲህ አልተካሄደም። ያልተቆጠረ ሰው ደግሞ በዕቅድ ውስጥ ቦታ አያገኝም፤ የሚያገኘው በዘመቻ ውስጥ ነው።

አድራሻ አምጣ

የንግድ ምዝገባና ፈቃድ አዋጅ ቁጥር 980/2008 ያለ ፈቃድ መነገድን በገንዘብና በእስራት የሚያስቀጣ ጥፋት ያደርገዋል። «ታዲያ ለምን ፈቃድ አያወጡም?» የሚለው ጥያቄ በየመድረኩ የሚነሣው ከዚህ ነው። ጥያቄው ተገቢ ነው። መልሱ ያለው በማመልከቻው ላይ ነው። ንግድ ለማስመዝገብ አድራሻ ያስፈልጋል፤ አድራሻ ማለት ደግሞ የይዞታ ማረጋገጫ ወይም የኪራይ ውል ነው። የጎዳና ነጋዴው አድራሻ ታክሲ ጠባቂው የሚሰለፍበት ቦታ ነው፤ ለዚያ የኪራይ ውል የሚሰጥ አካል የለም። ፈቃድ ለማግኘት ሱቅ፣ ሱቅ ለመከራየት ገንዘብ ያስፈልጋል፤ ገንዘቡ የሚገኘው ደግሞ ፈቃድ በማይሰጥበት ጎዳና ላይ ነው።

ከሱቁ በፊትም ሌላ በር አለ፤ መታወቂያ። ከተማ አስተዳደሩ «ተደራጁና ቦታ እንሰጣችኋለን» ሲል የሚናገረው ለነዋሪው ነው። ብዙዎቹ ወጣት የጎዳና ነጋዴዎች ግን ከወላይታ፣ ከሐዲያ፣ ከጉራጌ፣ ከጋሞ፣ ከጎጃምና ከሌሎችም አካባቢዎች የመጡ ናቸው። የአዲስ አበባ የነዋሪነት መታወቂያ ለማውጣት ከትውልድ ቀበሌ መሸኛ ማምጣት፣ በከተማዋ ደግሞ የሚያስመዘግብ ቤት ማግኘት ግድ ነው። አምስት ሆነው አንዲት ክፍል የተከራዩ ልጆች አከራያቸው በስማቸው እንዲያስመዘግባቸው መጠየቅ ቀላል አይመስላቸውም። ስለዚህ ሕጋዊ ለመሆን የተከፈተው በር የሚያስገባው ከሁሉ በፊት የከተማዋን የቆየ ነዋሪ ነው። ሌሊት ተሳፍሮ የመጣው ልጅ እደጅ ይቀራል፤ እደጅ ማለት ደግሞ ጎዳና ነው።

ሕገ መንግሥቱ በአንቀጽ 41 ማንኛውም ኢትዮጵያዊ በአገሪቱ ውስጥ በመረጠው የኢኮኖሚ እንቅስቃሴ የመሰማራትና መተዳደሪያውን የመምረጥ መብት እንዳለው ይደነግጋል። መንግሥትም ለሥራ አጦችና ለድሆች የሥራ ዕድል እንዲያሰፋ ያዘዋል። ይህ ማለት ማንም ሰው ያሻው ቦታ ላስቲክ ያንጥፍ ማለት አይደለም። ማንኛውም መብት በሕግ ሥርዓት ሊበጅለት ይችላል። ነገር ግን ሥርዓት ማበጀት አንድ ነገር ነው፤ ሊሟላ የማይችል ቅድመ ሁኔታ አስቀምጦ «አላሟላህም» ማለት ሌላ ነው።

«ግብር አይከፍሉም» የሚለውን ክስም በጥንቃቄ ማየት ይገባል። ፈቃድና የግብር ከፋይ መለያ ቁጥር የሌለው ሰው ልክፈል ቢል እንኳ የሚቀበለው መስኮት የለም። አነስተኛ ነጋዴን በግምት ማስገበር ራሱ ምን ያህል ፈታኝ እንደሆነም በ2009 ዓ.ም. ክረምት ታይቷል፤ የደረጃ ሐ ግብር ከፋዮች የቀን ገቢ ግምት ይፋ ሲሆን በኦሮሚያ ከተሞችና በሌሎችም አካባቢዎች ሱቆች ተዘግተው፣ ተቃውሞም ተነሥቶ ነበር። እነዚያ እንግዲህ ሱቅም ፈቃድም የነበራቸው ናቸው።

ገበያው ብቻውን ሲጓዝ

አዲስ አበባ ገበያ አዛውራ አታውቅም ማለት አይቻልም። ትልቁ ገበያዋ ራሱ የተዛወረ ነው። ገበያው ድሮ አራዳ ጊዮርጊስ አጠገብ ነበር። ጣሊያን አገሪቱን በወረረ ጊዜ ከተማዋን በዘር ለመከፋፈል ሲያቅድ፣ አራዳን ለራሱ ሰዎች አድርጎ ያገሬውን ገበያ ወደ ምዕራብ ገፋው፤ የዛሬው መርካቶ የተተከለው ያኔ ነው። ዓላማው ክፉ ነበር፣ አፈጻጸሙም በወራሪ ጉልበት ነው። ሆኖም ገበያው በአዲሱ ቦታ ሥር ሰደደ። ጣሊያን ሻጩን ብቻ ሳይሆን ያገሬውን ሰው መኖሪያ ጭምር ወደዚያው ወገን፣ አዲስ ከተማ ወደተባለው ሰፈር ለማዞር ነበር ያቀደው። ገዢው ያለበት ቦታ ገበያ ይቆማል።

በቅርቡ ዘመን የሚሰጡት ምትክ ቦታዎች አብዛኛውን ጊዜ የጎደላቸው ይህ ነው። በጥቃቅንና አነስተኛ ስም የተሠሩ ሼዶች አሉ፣ ጥሩ ጣሪያ ያላቸውም አሉ። ነገር ግን ርካሽ መሬት ባለበት፣ ማለትም ሰው በማያልፍበት ጀርባ ተሠርተው ስንቶቹ በራቸው ተዘግቶ ይታያል። ነገሩን በሒሳብ እንየው። አንድ የካልሲ ነጋዴ ከአንድ ጥንድ አሥር ብር ያተርፋል እንበል። ለቤት ኪራዩ፣ ለምግቡና ለእናቱ ለሚልከው በቀን አምስት መቶ ብር ቢያስፈልገው አምሳ ጥንድ መሸጥ አለበት። ከመቶ መንገደኛ አንዱ ቢገዛው አምስት ሺህ ሰው በፊቱ ማለፍ ይኖርበታል። መገናኛ ታክሲ ተራ አምስት ሺህ ሰው በአንድ ምሽት ያሳልፋል ቢባል የሚጠራጠር የለም። ከዋናው መንገድ ሁለት መታጠፊያ ገባ ብሎ የተሠራ ሼድ ግን ይህን ያህል ሰው በሳምንትም ላያይ ይችላል። ነጋዴው ሼዱን ትቶ ሲመለስ «ቦታ ሰጥተነው ወደ ጎዳና ተመለሰ፣ ሱስ ሆኖበታል» የሚሉ ኃላፊዎች ይህቺን ማባዛት ሠርተው ቢያዩ ደስ ባለኝ።

ካልሲ የሚገዛ ሰው ካልሲ ሊገዛ ብሎ ከቤቱ አይወጣም። ሲያልፍ አይቶ፣ ዋጋ ሰምቶ፣ ታክሲው እስኪሞላ ድረስ ይገዛል። ሶፋ ወይም የሙሽራ ልብስ ቢሆን ኖሮ ሰው ፈልጎት ይሄድ ነበር። ስለዚህ የሚዛወረው ምን እንደሚሸጥ ሳይጠየቅ የሚሰጥ ምትክ ቦታ ከጅምሩ ግማሹ ባዶ ነው።

መውረስና ደረሰኝ

ግጭቱ የሚከረው ዕቃ ሲወረስ ነው። የዕለቱን ትርፍ ማጣት አንድ ነገር ነው፤ ነጋዴው ግን የሚያጣው ከዚያ በላይ ነው። ብዙ ጊዜ ያ ዕቃ ከጅምላ ነጋዴ በእምነት የወጣ ነው። ዕቃው መኪና ላይ ሲጫን ዕዳው መሬት ላይ ይቀራል። በዚህ ምክንያት ነው ላስቲኩን ጠቅልሎ በመኪኖች መካከል የሚሮጠው፤ በዚህ ምክንያት ነው አንዳንዴም ነፍሱን የሚያጣው ወይም ከደንብ አስከባሪ ጋር የሚደባደበው። ከውጭ ለሚያየው ሰው ለሃያ ጥንድ ካልሲ ሕይወትን ማስያዝ እብደት ይመስላል። ለባለዕዳው ግን ያ ዕቃ የነገ ዱቤው ዋስትና ነው፤ ዛሬ ካልመለሰ ነገ የሚያምነው የለም።

የተወረሰ ዕቃ ምን እንደሚሆንም ግልጽ ሊሆን ይገባል። ማንኛውም መሥሪያ ቤት የዜጋን ንብረት ሲይዝ ዓይነቱን፣ ብዛቱንና የያዘውን ሠራተኛ ስም ጽፎ ለባለቤቱ መስጠት አለበት፤ ይግባኝ የሚባልበትንም ቦታ መንገር አለበት። ጎዳና ላይ ግን ባለዕቃው የገዛበት ደረሰኝ ስለሌለው «የኔ ነው» ብሎ የሚያሳየው ማስረጃ የለውም፤ ዕቃውን የሚወርሰው ደንብ አስከባሪም ደረሰኝ ሳይሰጥ ይሄዳል። ሁለቱም ወገን ወረቀት በሌለው ዓለም ውስጥ ሲገናኙ ለጉቦ ምቹ መሬት ይፈጠራል። የደንብ ማስከበር ባለሥልጣንም ከሥነ ምግባር ጉድለት ጋር በተያያዘ አባላቱን እንደሚቀጣ ራሱ በይፋ ሲናገር ተሰምቷል። ችግሩን የግለሰቦች ብልግና ብቻ አድርጎ ማየት ግን አያዋጣም። ደንብ አስከባሪውም ደመወዙ ትንሽ፣ ውሎው ፀሐይና ዝናብ ላይ የሆነ፣ ብዙ ጊዜ ከሚያሳድደው ልጅ ጋር በዕድሜና በኑሮ የሚመሳሰል ወጣት ነው። ሊፈጸም የማይችል ትእዛዝ ተሰጥቶት በየቀኑ እንዲፈጽመው ይጠበቅበታል። በዚህ መሃል የሚፈጸመውን መምረጥ ይጀምራል፤ ምርጫው ደግሞ ዋጋ ያወጣል።

የደረሰኝ ነገር ከጎዳናው በላይም ይሄዳል። በ2017 ዓ.ም. ኅዳር ወር መርካቶ ውስጥ ያለ ደረሰኝ የሚሸጡ ነጋዴዎች ላይ ቁጥጥሩ ሲጠብቅ፣ አንድ መቶ ሺህ ብር ቅጣት መኖሩም ሲወራ፣ ብዙ ሱቆች ለቀናት ተዘግተው ነበር። ያን ጊዜ የተገለጠው ነገር የጎዳናው ንግድ የቆመው በማን ላይ እንደሆነ ነው። ከአስመጪው እስከ ጅምላው፣ ከጅምላው እስከ ላስቲኩ ድረስ ያለው ሰንሰለት አብዛኛው በደረሰኝ የሚሄድ አልነበረም። ሆኖም ሕገ ወጥ ተብሎ በየቀኑ የሚሳደደው የሰንሰለቱ የመጨረሻ ቀለበት፣ ይኸውም በዓይን የሚታየው ነው።

የሱቅ ነጋዴው ቁጣ

ጎዳና ነጋዴውን ብቻ ይዞ ማልቀስ ግን ፍርደ ገምድልነት ይሆናል። ሱቅ የተከራየው ሰው ቁጣ እውነት አለው። በወር ብዙ ሺህ ብር ኪራይ ይከፍላል፣ ግብር ይከፍላል፣ ሠራተኛ ይቀጥራል፤ ከዚያ በሩ ላይ ያንኑ ዕቃ በግማሽ ዋጋ የሚሸጥ ሰው ይቆምበታል። (ምሽት ሲሆን ያንኑ የሱቅ ዕቃ ላስቲክ ላይ የሚያሸጥ ባለሱቅ እንዳለም መርካቶን የሚያውቅ ያውቃል፤ ግን ሁሉም እንዲያ አይደለም።) የእግረኛውም ቅሬታ ትክክል ነው። የእግረኛ መንገዱ ሲሞላ እናት ልጇን አዝላ አስፋልት ላይ ትወርዳለች፣ ዓይነ ስውሩ በትሩ ላስቲክ ላይ ይጠላለፍበታል፣ ኪስ አውላቂውም ግርግሩን ይወደዋል። ከተማዋ መንገዱን ለእግረኛ ማስጠበቅ ግዴታዋ ነው።

እዚህ ላይ ግን የኮሪደር ልማቱ አንድ ነገር ቀይሯል። ከ2016 ዓ.ም. ጀምሮ ከፒያሳ አራት ኪሎ፣ ከአራት ኪሎ ቦሌና በሌሎችም መስመሮች የእግረኛ መንገዱ በብዙ እጥፍ ሰፍቷል፤ የብስክሌት መስመር፣ መቀመጫና መብራት ተጨምሮለታል። «ቦታ የለም፣ መንገዱ ይዘጋል» የሚለው የድሮው ምክንያት በእነዚህ መስመሮች ላይ እንደ ድሮው አይሠራም። በምትኩ የመጣው የውበት ጥያቄ ነው። ውበት ሕጋዊ ዓላማ ነው፤ ነገር ግን እናት የጀበና ቡና ይዛ የተቀመጠችበት ሰፊና ንጹሕ መንገድ ለምን ከውበት እንደሚጎድል ሊያስረዳኝ የሞከረ ኃላፊ ገና አልገጠመኝም።

ልማቱ ሌላም ነገር አድርጓል። በፒያሳ፣ ከዚያም በ2017 ዓ.ም. በካዛንቺስ ሰፈሮች ሲፈርሱ ካሳና ምትክ ቤት የታሰበው ለባለይዞታና ለመንግሥት ቤት ተከራይ ነበር። በዚያ ሰፈር ሰው ላይ ተመሥርታ ሃያ ዓመት ጉሊት ስትሸጥ የኖረችው ሴት ግን በየትኛውም መዝገብ ላይ የለችም። ያጣችው ቤት አይደለም፤ ያጣችው ደንበኞቿን ነው። ደንበኞቿ ገላን ጉራም ሆነ ሌላ ቦታ ሲሄዱ የእርሷ ገበያ ተበተነ። ለዚህ ዓይነቱ ጉዳት ሕጋችን እስከ ዛሬ ስም አላወጣለትም።

አስተዳደሩ ራሱ ያሳየው ነገር

ከተማዋ ጎዳናን በሰዓት ገበያ ማድረግ እንደምትችል ግን ራሷ አሳይታለች። የኑሮ ውድነትን ለማርገብ የተጀመረው የእሑድ ገበያ ምንድን ነው? በየሰፈሩ የተለየ መንገድ ወይም ሜዳ ይያዛል፣ ድንኳን ይተከላል፣ የኅብረት ሥራ ማኅበራትና አምራቾች ሽንኩርት፣ ጤፍና ዘይት ይሸጣሉ፤ ሲመሽ ይነሣል፣ ይጠረጋል። ይህ በትክክል የጎዳና ላይ ንግድ ነው፤ የተጻፈ ቀንና ሰዓት ያለው። ማንም ነዋሪ የከተማዋ ገጽታ ተበላሸ አላለም፤ ይልቁንም ወረፋ ይዟል።

ሁለተኛው ምሳሌ የምሽት ንግድ ነው። በ2017 ዓ.ም. የከተማ አስተዳደሩ በኮሪደር መስመሮች ላይ ያሉ ንግድ ቤቶች እስከ ምሽቱ 3 ሰዓት ተኩል ክፍት እንዲሆኑ በደንብ ደንግጓል። ሐሳቡ ምሽት ላይ ሰው ይውጣ፣ ከተማዋ ትንቃ ነው። የሰዓት ገደብ በደንብ ላይ መጻፍና ማስፈጸም ይቻላል ማለት ነው። ሱቁን «እስከ 3 ሰዓት ተኩል ካልከፈትክ» ብላ የምትቀጣ ከተማ፣ ለልብስ ነጋዴው «ከ11 ሰዓት ተኩል እስከ 3 ሰዓት ተኩል፣ በዚህ ርዝመት፣ ከዚህ መስመር ሳታልፍ» ብላ መጻፍ የሚያቅታት አይመስለኝም። መገናኛ ላይ ያለው ልጅ ይህን ሰዓት ዛሬም ያከብረዋል። ያልተጻፈ ስለሆነ ብቻ እየሮጠ ነው የሚያከብረው።

የጆሃንስበርግ ትምህርት

ይህ ጉዳይ የኛ ብቻ አይደለም፤ የኛ ሰዎች ግን በሌላ አገርም ገጥሟቸዋል። ከሆሳዕናና ከዙሪያዋ ደቡብ አፍሪካ የገቡ ብዙ ወጣቶች ሥራ የጀመሩት ብርድ ልብስና አልጋ ልብስ ተሸክመው በየሎኬሽኑ፣ ማለትም በየጥቁሮቹ መኖሪያ ሰፈር፣ በዱቤ በማዞር ነው። ገንዘብ የያዙት በጆሃንስበርግ መሃል ጄፒ ጎዳና አካባቢ ባሉ ሕንጻዎች ውስጥ ሱቅ ከፍተው ያንን ሰፈር ትንሽ አዲስ አበባ አስመሰሉት።

እ.ኤ.አ. በኦክቶበር 2013 የጆሃንስበርግ ከተማ አስተዳደር «ኦፕሬሽን ክሊን ስዊፕ» በሚል ዘመቻ በሺዎች የሚቆጠሩ የጎዳና ነጋዴዎችን ከመሃል ከተማ አነሣ። ዘመቻው ፈቃድ ያላቸውን ከሌላቸው አልለየም፤ ሁሉንም ጠርጎ ወሰደ። ነጋዴዎቹ ከሰሱ። የመጀመሪያው ፍርድ ቤት ጉዳዩ አስቸኳይ አይደለም ብሎ መለሳቸው። ወደ ሕገ መንግሥት ፍርድ ቤት ሄዱ፤ ፍርድ ቤቱም ዲሴምበር 5 ቀን፣ ኔልሰን ማንዴላ ባረፉበት በዚያው ዕለት፣ ዋናው ክርክር እስኪወሰን ድረስ ወደ ቦታቸው እንዲመለሱ አዘዘ። በቀጣዩ ዓመት ኤፕሪል ወር ዝርዝር ምክንያቱን ሲሰጥ፣ በዘመቻው የተነካው የነጋዴዎቹ ክብርና የልጆቻቸው የዕለት እንጀራ መሆኑን አነሣ። ለዚያ ፍርድ ቤት «አስቸኳይ አይደለም» ማለት የዕለት ገቢ የሚበላ ቤተሰብን አለማየት ነበር።

በዚያው 2014 ሴፕቴምበር ደግሞ በሊምፖፖ ግዛት ፖሊስ ሱቃቸውን የዘጋባቸው ስደተኛ ነጋዴዎች፣ ኢትዮጵያውያንም ጭምር፣ በጠቅላይ ይግባኝ ፍርድ ቤት አሸነፉ፤ ጥገኝነት ጠያቂና ስደተኛ የንግድ ፈቃድ ማመልከት እንደሚችል ተወሰነ። ሰው አገር ሄዶ በፍርድ ቤት የመነገድ መብቱን ያስከበረ ወንድም ያለው ልጅ፣ እዚህ አገሩ ዋና ከተማ ላይ ዕቃው ሲወረስ የትኛው ችሎት ፊት እንደሚቆም አያውቅም። በእነዚህ ፍርዶች ደቡብ አፍሪካ ገነት አልሆነችም፤ የውጭ ዜጋ ሱቅ ዘረፋና ግድያ ከዚያ በኋላም ቀጥሏል። ፍርዱ ያስተማረው ግን አንድ ነገር ነው፤ ማንሣት ይቻላል፣ ነገር ግን አስቀድሞ መመዝገብ፣ ማማከርና ፈቃድ ያለውን ከሌለው መለየት ግድ ይላል።

ሕንድ ይህን በአዋጅ ጽፋዋለች። እ.ኤ.አ. የ2014ቱ የጎዳና ነጋዴዎች ሕጓ በየከተማው ኮሚቴ እንዲቋቋም ያዛል፤ ከአባላቱ ከመቶ አርባ የማያንሱት ራሳቸው ነጋዴዎቹ፣ ከነዚህም ሲሶው ሴቶች ይሆናሉ። ምዝገባ ተጠናቆ የምስክር ወረቀት ሳይሰጥ ነጋዴን ማንሣት ይከለክላል፤ ሲነሣም የሠላሳ ቀን ማስጠንቀቂያ ይሰጣል። ከተማው የሚያስተናግደው ቁጥር እስከ ሕዝቡ 2.5 ከመቶ ሊደርስ እንደሚችልም ያስቀምጣል። ይህን ልኬት በ1999 ዓ.ም. ቆጠራ 2.74 ሚሊዮን በነበረው የአዲስ አበባ ሕዝብ ላይ ብናሰላው ወደ 68 ሺህ ነጋዴ ይመጣል፤ የዛሬው ሕዝብ ከዚያ በብዙ ይበልጣል። በርካታ የሕንድ ከተሞች ምዝገባውን እየጎተቱ ሕጉን ወረቀት ላይ አስቀርተውታል፤ ይህም መታወስ አለበት። ሆኖም ነጋዴው ፍርድ ቤት ሲቆም የሚያነሣው አንቀጽ አለው።

አዲስ አበባም ከባዶ አትነሣም። ምዝገባው በነዋሪነት መታወቂያ ላይ ካልተንጠለጠለ ፋይዳ አለ፤ ፋይዳ ከቀበሌ ጋር ሳይሆን ከሰውየው ጋር የሚሄድ መታወቂያ ነው። የዕለት ወይም የሳምንት የቦታ ክፍያ በቴሌብር ሊሰበሰብ ይችላል፤ ዛሬ በኪስ የሚገባው ገንዘብ በከተማው ሒሳብ ይገባል፣ ነጋዴውም የከፈለበትን ማስረጃ ስልኩ ላይ ያሳያል። ያ ማስረጃ ዕቃው ሊወረስ ሲል የመጀመሪያ መከላከያው ይሆናል፤ ባንክ ሲሄድም የመጀመሪያ የገቢ ታሪኩ። ቦታዎቹ የሚመረጡት በመሬት ርካሽነት ሳይሆን በመንገደኛ ብዛት መሆን አለበት፤ ይህን ለመቁጠር ውድ ጥናት አያሻም፣ ሁለት ሠራተኛ ለአንድ ሳምንት ማቆም ይበቃል። ምግብና ቡና የሚሸጡት ውኃና ቆሻሻ ማስወገጃ ያለበት፣ ልብስና ጫማ የሚሸጡት ታክሲ ተራ የሚጠጋ ቦታ ቢያገኙ ነገሩ ግማሽ በግማሽ ይቀላል።

የከበደው ሌላ ቦታ ላይ ነው። ቁጥሩ የተወሰነ ፈቃድ ወዲያው ሸቀጥ ይሆናል። ኒውዮርክ የምግብ ጋሪ ፈቃድን ለዓመታት በገደብ ስትይዝ፣ ከተማው በጥቂት መቶ ዶላር የሚሰጠው ወረቀት በድብቅ በብዙ ሺህ ዶላር ይከራይ ነበር፤ ጋሪውን የሚገፋው ሰውና ፈቃዱ ላይ ስሙ ያለው ሰው የማይተዋወቁበት ጊዜ ነበር። እኛም ከዚህ የራቅን አይደለንም። ለሥራ አጥ ወጣት የተሰጠ ሼድ ለሦስተኛ ወገን ተላልፎ መገኘቱ በየክፍለ ከተማው የተለመደ ሮሮ ነው። የጎዳና ፈቃድ ሲጀመር የመጀመሪያውን ወረፋ የሚይዘው የወረዳ ኃላፊ ዘመድ ሊሆን ይችላል፤ ጉሊቷ ሴት ደግሞ ማመልከቻ የሚሞላላት ልጅ ስትፈልግ ቀኑ ያልፍባታል።

ስለዚህ ፈቃዱ በሰው ፊት የሚታይ መሆን አለበት። ማን፣ የት፣ በስንት ሰዓት፣ ምን እንደሚሸጥ የሚያሳይ ዝርዝር በየወረዳው በር ላይና በስልክ ሊታይ ይገባል። በአካል ያልተገኘ ባለፈቃድ ቦታው ለሚቀጥለው ተራ ይለፍ፤ ተራውን የሚጠብቁት ሰዎች ራሳቸው ከማንኛውም ተቆጣጣሪ የተሻሉ ዓይኖች ናቸው። በኮሚቴው ውስጥ ነጋዴዎቹ፣ ባለሱቆቹና የአካል ጉዳተኞች ማኅበር አብረው ቢቀመጡ የመጀመሪያው ስብሰባ ጩኸት ይሆናል። የመጀመሪያው አጀንዳ ግን ቀላል ነው፤ መገናኛ ላይ ከምሽቱ 11 ሰዓት ተኩል ጀምሮ የእግረኛ መንገዱ ስንት ሜትር ለእግረኛ ይቅር፣ ስንት ሜትር ለላስቲክ ይሁን።